የማይጠመዘዝ ጫማ

ከልጅነቴ ጀምሮ ጫማ የምጨርሰው በውስጥ በኩል ነው። የውጪው ጠርዝ ገና አዲስ ሆኖ ሳለ የውስጡ ተበልቶ ያልቃል። ተረከዙ ወደ ውስጥ ይዘምና ሁለቱ ጎን ለጎን ሲቀመጡ እርስ በርስ የተደጋገፉ ሰካራሞች ይመስላሉ። እናቴ መስከረም ላይ የገዛችልኝ የትምህርት ቤት ጫማ የገና በዓል ሳይደርስ እንደዚያ ሆኖ ስታየው ትቆጣ ነበር።

«እንደ ሰው አትራመጂም? ምን ያስጎትትሻል?»

እኔም እንደ ሰው ለመራመድ እሞክር ነበር። ከቤታችን እስከ አቃቂ ድልድይ ድረስ አንገቴን ደፍቼ፣ እግሬን እያየሁ፣ በውጪው ጠርዝ እየረገጥኩ እሄዳለሁ። መቶ እርምጃ ያህል ይሳካልኛል። ከዚያ ከጓደኞቼ ጋር ወሬ ስጀምር እረሳዋለሁ፤ እግሬም ወደ ለመደበት ይመለሳል። ልጆቹ «ዳክዬ» ይሉኝ ነበር። ለብዙ ዓመታት ጥፋቱ የራሴ እንደሆነ፣ ብጠነቀቅ፣ ብሰለጥን፣ ትንሽ የሴት ልጅ ጨዋነት ቢኖረኝ እግሬ ቀጥ እንደሚል አምኜ ኖርኩ።

አሁን ሠላሳዎቹን አጋምሻለሁ፤ አላምንም።

የምሠራው ወደ ቂሊንጦ በሚወስደው መንገድ ላይ፣ ሻምፑና የሰውነት ቅባት በሚያሽግ ፋብሪካ ውስጥ ነው። ሥራዬ ጥራት መቆጣጠር ነው። ጠርሙሶቹ በተንቀሳቃሹ ቀበቶ ላይ እየተሰለፉ ከፊቴ ያልፋሉ፤ ክዳኑ በደንብ ያልጠበቀውን፣ ወረቀቱ የተጣመመበትን፣ ይዘቱ የጎደለውን እያነሳሁ ወደ ሳጥን እወረውራለሁ። ዓይኔ ፈጣን ነው። የቀበቶው ፍጥነት ሲጨምር ሌሎቹ ሲጨናነቁ እኔ ደስ ይለኛል። ሥራውን እወደዋለሁ። ችግሩ ሥራው በቁም መሆኑ ነው፤ ስምንት ሰዓት ሙሉ፣ ሲሚንቶ ወለል ላይ፣ ለምሳና ለሻይ ከምንወጣበት በስተቀር።

ፋብሪካው በዓመት አንድ ጊዜ ከደንብ ልብሱ ጋር ጫማ ይሰጣል። ለወንዶቹ የሚሰጠው ማሰሪያ ያለው፣ ሶሉ ወፍራም የሆነ ጠንካራ ጫማ ነው። ለሴቶቹ የሚሰጠው ጥቁር ስስ ፍላት ነው፤ ፊቱ ላይ ትንሽ ቢራቢሮ የምትመስል ቋጠሮ አለችበት። ያው ወለል ላይ፣ ያንኑ ሰዓት፣ ጎን ለጎን ነው የምንቆመው። ለምን እንደተለያየ አንድ ቀን ጠይቄ «ለሴት ቀለል ያለ ነው የሚያምር» ተባልኩ። ያን ጊዜ ዝም አልኩ። ዛሬም ድረስ የሚቆጨኝ ያ ዝምታ ነው።

የመጀመሪያው ዓመት ባቴ አመመኝ። በሁለተኛው ዓመት ሕመሙ ወደ ቁርጭምጭሚቴ የውስጥ በኩል ወረደ፤ ቀጥሎ ጉልበቴን ያዘኝ። ማታ ሰርቪሱ ዋናው መንገድ ላይ ሲያወርደኝ ከአውቶቡሱ የምወርደው እንደ አሮጊት እጀታውን በሁለት እጄ ይዤ ነበር። አንድ ቀን ጠዋት ከአልጋ ተነስቼ የመጀመሪያውን እርምጃ ስረግጥ ተረከዜን ቢላዋ የወጋው መሰለኝ፤ ግድግዳ ይዤ ቆምኩ። እናቴ ከጓዳ ወጥታ አየችኝ።

«ምን ሆንሽ?»

«ምንም። ደንዝዞኝ ነው።»

በዚያው ሳምንት ሰፈራችን ካለ ክሊኒክ ሄድኩ። ሐኪሙ ከወንበሩ ሳይነሳ «ክብደት ቀንሺ» አለኝና የሕመም ማስታገሻ ጻፈልኝ። ሃምሳ ሦስት ኪሎ ነበርኩ። ክኒኑን ወሰድኩ፤ ክብደቴን ግን ምኑን እንደምቀንሰው ስላላወቅኩ ተውኩት። ክኒኑ ሲያልቅ ሕመሙ ያለበት ነበር። ሌላ ሐኪም ፈለግኩ፤ እሷ ደግሞ ወደ ፊዚዮቴራፒ ላከችኝ።

የፊዚዮቴራፒ ባለሙያዋ ከእኔ ታናሽ የምትመስል ቀጭን ልጅ ነበረች። ገና እንደተቀመጥኩ እግሬን ለማየት አልቸኮለችም።

«መጀመሪያ ጫማሽን አውልቀሽ ስጪኝ» አለችኝ።

ያን ቀን ከሥራ ስለመጣሁ ያደረግኩት የፋብሪካውን ፍላት ነበር። ገልብጣ ሶሉን አየችው፤ ከኋላ አቆመችና ተረከዙን አየችው። ከዚያ ሁለት ጫፉን ይዛ እንደ እርጥብ ልብስ ጠመዘዘችው። ጫማው ያለ ምንም ተቃውሞ ተጠቀለለላት።

«ይሄ ጫማ አይደለም» አለች። «ይሄ ካልሲ ነው።»

ቀጥሎ ባዶ እግሬን አቁማ ከኋላዬ ተንበረከከች፤ ትንሽ አራመደችኝ፤ መልሳ አቆመችኝ። ከዚያ በቀላል አማርኛ ነገረችኝ። እግሬ መሬት ሲነካ የመሃሉ ቅስት ይወድቃል። ቅስቱ ሲወድቅ ቁርጭምጭሚቴ ወደ ውስጥ ይታጠፋል፤ ጉልበቴም ይከተለዋል። ትንሽ ወደ ውስጥ መታጠፍ የሁሉም ሰው ነው፤ እግር የሰውነትን ክብደት የሚቀበለው እንደዚያ ነው። የእኔ ግን ከልክ አልፏል።

«ስለዚህ አረማመዴን ሳላስተካክል ቀርቼ ነው?» አልኳት።

«የምን አረማመድ? እግርሽ እንዲህ ነው የተሠራው። ሰው ዓይኑ ሲደክም አስተያየትህን አስተካክል ይባላል እንዴ? መነጽር ነው የሚያደርገው።»

በዚያች ክፍል ውስጥ፣ ያን የተጠቀለለ ጫማ እያየሁ፣ ሳላስበው ሳቅሁ። ከሃያ ዓመት በላይ የተሸከምኩትን ጥፋት አንዲት ልጅ በሁለት ዓረፍተ ነገር አወረደችልኝ። ከሳቁ በኋላ የመጣው ግን ንዴት ነው። እስካሁንም ሙሉ በሙሉ አልለቀቀኝም፤ እንዲለቀኝም አልፈልግም።

የእግር ማጠንከሪያ እንቅስቃሴ አስተማረችኝ፤ ጫማ እንዴት እንደሚመረጥም በእጄ አስያዘችኝ። የተረከዙን ጀርባ በሁለት ጣት ጨምቂው፤ እሺ ብሎ ከተጣጠፈ ተይው። እንደ ጨርቅ ጠምዝዢው፤ ከተጠመዘዘ ተይው። ወደ ላይ እጠፊው፤ መታጠፍ ያለበት ጣቶችሽ የሚታጠፉበት ቦታ ብቻ ነው፤ ከወገቡ ከተሰበረ ተይው። የውስጥ ንጣፉን አውጥተሽ ቁሚበት፤ እግርሽ ከንጣፉ ከተረፈ ጠባብ ነው። የሶሉ የውስጥ ጎን ከውጪው ጠጠር ያለ ከሆነ ደስ ይበልሽ። ልትገዢ የምትሄጂው ደግሞ እግርሽ ውሎ ካበጠ በኋላ ከሰዓት በኋላ ነው እንጂ ጠዋት አይደለም።

«ጫማው ብቻውን አያድንሽም» አለችኝ በመጨረሻ። «እንቅስቃሴውንም ሥሪ። ግን በዚህ ካልሲ ቆመሽ ምንም ብትሠሪ ዋጋ የለውም።»

በንዴቱ ላይ ሆኜ መጀመሪያ ያደረግኩት ስሕተት ነበር። ወንዶቹ ፋብሪካ ውስጥ የሚያደርጉትን ዓይነት ወፍራም ጫማ፣ የወንድ፣ በቁጥሬ ገዛሁ። ለወንድ የተፈቀደው ለእኔም ይፈቀድ ብዬ። ፊቱ ለጣቶቼ ሰፊ ነበር፤ ተረከዙ ግን በየእርምጃው ይወጣል ይገባል። በሁለት ቀን ተረከዜ ውሃ ቋጠረ። ባለሙያዋ ጋር ስመለስ ፋሻውን አይታ ራሷን ነቀነቀች።

«የሴት ተረከዝ ጠበብ ይላል። የወንድ ጫማ አልነበረም የፈለግሽው። እንደ ወንዶቹ ጫማ በደንብ የተሠራ የሴት ጫማ ነው የፈለግሽው።»

እሱን ፍለጋ ወጣሁ። የሳሪስን መንገድ ከላይ እስከ ታች፣ ጫማ ቤት ያለበትን ሁሉ አዳረስኩ። የሴት ስፖርት ጫማ ስጠይቅ የሚያወጡልኝ ሁሉ ሮዝ ወይም ወይን ጠጅ ነው፤ እንደ ስፖንጅ ይለሰልሳል፤ አውራ ጣቴን ስጭነው ሰምጦ ይቀራል። ስጠመዝዘው ይጠመዘዛል። አንዱ ሻጭ ስጠመዝዝ አይቶ ከመደርደሪያው ጀርባ ዘሎ ወጣ።

«እህት! እህት! ትሰብሪዋለሽ!»

«ከተሰበረ መች ጫማ ነው?»

«ይሄ የሴት ነው፤ ለስላሳ ነው። ሴት ልጅ እግሯ ቀለል ሲል ነው የሚያምርባት።»

«ስምንት ሰዓት ቆመህ ታውቃለህ?»

«እንዴት?»

«አንተ የተጫማኸውን አሳየኝ።»

ሳያስበው እግሩን ወደ ኋላ ሳበ። ወፍራም ሶል ያለው ጫማ ነው ያደረገው። ስፖንጁን መልሼ ሰጥቼው ወጣሁ። ሌላው ቤት ልጅቷ «ምቾት ከፈለግሽ የአሮጊት ጫማ እዚያ ጥግ አለ» አለችኝ፤ ወደ ጥጉ ሄጄ አየሁ፤ እሱም ተጠመዘዘ።

እሁድ ቀን ነበር፤ ግቢያችን ውስጥ እግሬን ታጥቤ ባለሙያዋ ያሳየችኝን ለእናቴ ላሳያት ፈለግኩ። በእርጥብ እግሬ ደረቁ ሲሚንቶ ላይ ቆሜ ወረድኩ። የሰው ዱካ መሃሉ ላይ ይቀጥናል፤ የእኔ ግን ከተረከዝ እስከ ጣት አንድ ወጥ ሆኖ፣ ወገብ የሌለው እንደ ብሎኬት ታተመ።

እናቴ ሳቀች። «ይሄማ የዳክዬ ነው!»

«አንቺስ? እስቲ ርገጪ።»

«ወዲያ! እኔ ምን ሆንኩና?»

«ዝም ብለሽ ርገጪ እማዬ።»

ነጠላዋን ሰብስባ፣ እየሳቀች፣ እግሯን ከባልዲው ውስጥ ነክራ ከእኔ አጠገብ ረገጠች። እግሯን ስታነሳ ሁለታችንም ጎንበስ አልን። ከእኔ ዱካ ጎን ያለው ያው ራሱ ነው፤ ትንሽ አጠር ብሎ፣ አውራ ጣቱ ወደ ጎን ተጣምሞ፣ ግን ያው ብሎኬት። ፀሐዩ ጠርዝ ጠርዙን ማድረቅ እስኪጀምር ድረስ አየነው።

እናቴ ጡረታ እስክትወጣ ድረስ አቃቂ ካሉት የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካዎች በአንዱ፣ ሽመና ክፍል ነበረች። እሷም ቆማ ነው የሠራችው። ሁልጊዜ ጉልበቷን በቅባት ስታሽ «ብርድ መትቶኝ ነው» ትል ነበር፤ የፋብሪካውን በር፣ ጠዋት የሚገባውን ነፋስ ትወቅስ ነበር።

«ሃያ ስድስት ዓመት» አለች ቀስ ብላ። «ሃያ ስድስት ዓመት በዚህ እግር በሸራ ጫማ ቆምኩ።» ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ። «አንቺንም አረማመድሽን ስቆጣሽ ነበር።»

«አታውቂም ነበራ።»

«አላውቅም ነበር።» ነጠላዋን አራግፋ ተነሳች። «በይ ልበሺ። ሳሪስ አቦ እንሂድ። ሱቅ ሱቁን ተይው፤ ገበያው ውስጥ ሳልቫጅ ጫማ የምትሸጥ ሴት አውቃለሁ።»

ሴትየዋ ከወሎ የመጣች፣ ከእናቴ ጋር በዕድሜ የምትቀራረብ ነጋዴ ናት። ሸራ ዘርግታ፣ ጫማዎቹን እንደ ድንች ከምራ፣ መሃላቸው በርጩማ ላይ ተቀምጣለች። እናቴ የምንፈልገውን ስትነግራት ፈገግ አለች።

«ጠምዝዢው ልጄ፣ አብሽሪ» አለችኝ። «የኔ ጫማ ከተጠመዘዘልሽ ወላሂ እኔው ራሴ እጥለዋለሁ።»

«እርስዎስ እንዳልሰብረው አይፈሩም?»

«በሰው እግር ያልተሰበረ በእጅሽ ይሰበራል?»

ቁጢጥ ብዬ መጠምዘዝ ጀመርኩ። እሷም ባለሙያዋ ያልነገረችኝን አንድ ነገር ጨመረችልኝ። ሳልቫጅ ጫማ የፊተኛዋን ባለቤት አረማመድ ይዞ ነው የሚመጣው፤ ስለዚህ ሶሉን ገልብጦ ማየት ያስፈልጋል። በአንድ ጎን የተበላ ከሆነ የሌላ ሰው ሕመም ነው የምትገዢው። እኩል የነካካውን፣ ከተቻለም ብዙ ያልተረገጠውን ፈልጊ አለችኝ። አንዱን አንስታ አሳየችኝ፤ ውጪው አዲስ፣ ውስጡ የተበላ ነበር። የማላውቃት፣ በሆነ አገር የምትኖር ሴት፣ እንደ እኔ እግሯ ወደ ውስጥ የሚወድቅባት። አዘንኩላትና መልሼ አስቀመጥኩት።

መጀመሪያ የተገኘው የእናቴ ነው። ቡናማ፣ ማሰሪያ ያለው፣ ፊቱ ሰፊ፣ ተረከዙ እንደ እንጨት የማይበገር። እናቴ በርጩማው ላይ ተቀምጣ አጥልቃ ተነሳች። ሁለት እርምጃ ሄደች፤ ተመለሰች። እንደገና ሄደች፤ የድንች ነጋዴዎቹን አልፋ እስከ ጥጉ ድረስ። ስትመለስ ፊቷ ላይ የነበረው ነገር ደስታ ብቻ አልነበረም።

«እንዲህ ነበር እንዴ መራመድ?» አለች።

ነጋዴዋ ለእናቴ ማሰሪያውን አጎንብሳ አጠበቀችላት። «እህቴ፣ ይብላኝ ለከረምሽበት» አለቻት።

የእኔ ረዘም ያለ ጊዜ ፈጀ። ክምሩን ሦስት ጊዜ አገላበጥነው። በመጨረሻ ከታች የወጣው ግራጫ ጫማ ነው፤ ለሴት የተሠራ፣ ከባድ፣ ፊቱ እንደ ጀልባ የሰፋ። ተረከዙን ጨመቅሁት፤ አልበገር አለ። ጠመዘዝሁት፤ እጄን አመመኝ እንጂ አልተጠመዘዘም። ሳጥፈው ከጣቶቹ ላይ ብቻ ታጠፈ። የሶሉ የውስጥ ጎን ጠቆር ያለ፣ ከሌላው የጠጠረ ነበር። አድርጌው ስቆም እናቴ ከኋላዬ ዞራ ቁርጭምጭሚቴን አየች።

«ቀጥ አለ» አለች። ትንሽ ቆይታ ደግሞ «አቤት ማስጠላቱ!» አለች።

«አዎ። ያስጠላል።»

በደስታ ነው ያልኩት። ሰኞ ጠዋት አድርጌው ሥራ ገባሁ።

የመስመራችን ሱፐርቫይዘር ሴት ናት፤ በዕድሜ እኩያዬ ናት፤ ሥራ የጀመርነውም በአንድ ዓመት ነው። ቀበቶው ከመነሳቱ በፊት ከላይ እስከ ታች አየችኝና ዓይኗ እግሬ ላይ ቀረ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ጫማ።»

«የተሰጠሽ የት ሄደ?»

«እግሬን አሞኛል። ሐኪም ይሄን አዞልኛል።»

«ግራጫ ነው። ደንቡ ጥቁር ነው። ሄደሽ ቀይረሽ ነይ።»

ቀይሬ ለመምጣት ቤቴ ሩቅ ስለነበር የዚያን ቀን ሥራ አመለጠኝ። ወደ ቤት ስመለስ ጥቁር የጫማ ቀለም ገዛሁ። ከእናቴ ጋር በረንዳው ላይ ተቀምጠን በአሮጌ ጨርቅ ሁለት ዙር ቀባነው። ጣቶቻችን ለሳምንት ጠቁረው ሰነበቱ። ማክሰኞ ጥቁር ጫማ አድርጌ ገባሁ።

«አሁን ጥቁር ነው» አልኳት።

«ቀለሙ አይደለም እኮ ጉዳዩ» አለች። «የሴቶች ጫማ አለ። አንቺ ስታደርጊ ሌሎቹ ምን ይላሉ?»

«ትናንት ጉዳዩ ቀለሙ ነበር።»

ወደ ሰው ሀብት ቢሮ ላከችኝ።

የሰው ሀብት ኃላፊው ጨዋ ሰው ነው፤ ድምፁን ከፍ አያደርግም። የፊዚዮቴራፒ ባለሙያዋ ስለ እግሬ የጻፈችልኝን ወረቀት ከፊቱ አስቀመጥኩለት፤ አነበበው። እኔም ከቦርሳዬ አሮጌውን ፍላት አውጥቼ ጠረጴዛው ላይ አኖርኩት። ስልኩን ወደ ጎን ፈቀቅ አደረገ። ጫማው ወደ ውስጥ ተደፍቶ፣ አንዱ ጎኑ ወለሉ ድረስ ተበልቶ፣ ቢራቢሮዋ ብቻ ደህና ሆና ተቀመጠ።

«እባክዎ ይያዙት» አልኩት። «ይጠምዝዙት።»

«አያስፈልግም።»

«ሦስት ዓመት የቆምኩት በእንዲህ ዓይነቱ ነው። አንድ ጊዜ ይጠምዝዙት።»

አልነካውም። እጆቹን አጣምሮ ተቀመጠ። «ይገባኛል» አለኝ። «ግን ላንቺ ከፈቀድን ሁሉም ሴቶች ይጠይቃሉ።»

«ይጠይቁ።»

«እንደዚያ አይሆንማ። እስቲ ሌላ መፍትሔ እንፈልግ። መጋዘን ውስጥ ካርቶን ላይ ምልክት የሚለጥፉ አሉ፤ ቁጭ ብለው ነው የሚሠሩት። እዚያ ላዛውርሽ።»

አንድ አፍታ ፈተነኝ። ወንበር ነው። ግን የጥራት ሥራውን ሦስት ዓመት ሙሉ ተምሬዋለሁ፤ ከመስመሩ ማንም እንደ እኔ አያይም። በጫማ ምክንያት ካርቶን እንድለጥፍ ልላክ ነው።

«እኔ ሥራዬን መሥራት አላቃተኝም» አልኩት። «ጫማችሁ ነው ያቃተው። እሱን ወደ መጋዘን አዛውሩት።»

እንዲህ ያለ ነገር ለአለቃ ተናግሬ አላውቅም።  ጫማው ቀጥ አድርጎ ይዞኛል።

ወደ መስመሬ ተመልሼ ቆምኩ። ከሰዓት በኋላ የማስጠንቀቂያ ደብዳቤ መጣልኝ፤ «ደንብ በመጣስ» የሚል። ተቀብያለሁ ብዬ እንድፈርም ተሰጠኝ። ከፊርማዬ በላይ በራሴ እጅ ጽሑፍ «ደብዳቤውን ተቀብያለሁ፤ ጫማውን አላወልቅም» ብዬ ጨመርኩበት። ያመጣችልኝ ልጅ አንብባ ከንፈሯን ነከሰች፤ ሳቋን ነው የያዘችው።

በማግስቱ ምሳ ሰዓት ነው ነገሩ የተቀየረው። ሴቶቹ ከበቡኝና ጫማውን እያነሱ እያዩ መጠየቅ ጀመሩ። አንዷ ፍላቷን አውልቃ ተረከዟን አሳየችን፤ ተሰነጣጥቆ ነበር። ሌላዋ ጣቶቿ ላይ የወጣውን እብጠት አሳየችን። ከማሸጊያ ክፍል አንዲት ጸጥተኛ ሴት፣ በዓመት ውስጥ ሃያ ቃል ስትናገር ያልሰማኋት፣ ፍላቱን በሁለት እጇ ይዛ ጠመዘዘችውና ስፌቱ ተቀደደ። ሳቅን፤ እሷ ግን አልሳቀችም። «የእኔም እግር እንዳንቺ ነው» አለች።

አብረን ማመልከቻ እንጻፍ አልኩ። ሁሉም አልፈረሙም። አጠገቤ የምትቆመው፣ የልብ ጓደኛዬ፣ እስኪርብቶውን ይዛ ብዙ ከቆየች በኋላ መለሰችልኝ። «ልጆች አሉኝ እኮ» አለችኝ። አልተቀየምኳትም፤ ያን ቀን ግን ምሳዬን ጨርሼ መብላት አልቻልኩም። ዘጠኝ ሆነን ፈረምን። የጻፍነው አጭር ነው። በአንድ ወለል ላይ እኩል ሰዓት ለሚቆም ሰው እኩል ጠንካራ ጫማ ይሰጥ፤ ለሴት የተሠራ፣ ተረከዙ የማይበገር፣ ሶሉ የማይጠመዘዝ።

ለሳምንታት መልስ አልመጣም። ሁለተኛ ማስጠንቀቂያ ግን መጣ። በእሱም ላይ ያንኑ ጻፍኩበት። ሦስተኛው ቢመጣ ከሥራ እንደምሰናበት አውቃለሁ፤ እናቴም ታውቃለች። በየማታው ስገባ መጀመሪያ የምታየው እግሬን ነበር፤ ጫማው እንዳለ ስታይ «በርቺ» ብላ ወደ ሥራዋ ትመለሳለች። አንድም ቀን ተይው አላለችኝም።

ሦስተኛው ሳይመጣ ሰሌዳው ላይ ማስታወቂያ ተለጠፈ። የሕክምና ማስረጃ የሚያቀርቡ ሴት ሠራተኞች ዝግ የሆነ፣ ጥቁርና የማያንሸራትት የራሳቸውን ጫማ ማድረግ ይችላሉ ይላል። ሌላ ምንም አላለም። ስለ ፍላቱ አንዲት ቃል የለም፤ አሁንም ይታደላል። ወንዶቹ ለጫማቸው ማስረጃ አይጠየቁም፤ እኛ እንጠየቃለን። ሴቶቹ «አሸነፍሽ» እያሉ አቀፉኝ። እኔ ግን ግማሽ ነገር ነው አልኩ፤ አሁንም ግማሽ ነው እላለሁ። ማመልከቻውን እንደገና አስገብተናል፤ በዚህኛው አሥራ ሰባት ነን። የልብ ጓደኛዬ አራተኛዋ ፈራሚ ናት።

ሕመሙ ፈጽሞ ጠፋልኝ ብዬ አልዋሽም። እንቅስቃሴውን ለጥቂት ቀን ስተወው ቁርጭምጭሚቴ ያስታውሰኛል። ግን ከሰርቪስ የምወርደው እጀታ ሳልይዝ ነው፤ ጠዋትም ግድግዳ አልደገፍም። የመስመር መሪ ቦታ ሲከፈት ለእኔ ይገባል ያሉ ብዙ ነበሩ፤ ለሌላ ሰው ተሰጠ። ለምን እንደሆነ ማንም አልነገረኝም፤ እኔም አልጠየቅኩም፤ ሁላችንም እናውቀዋለን።

ባለፈው ወር ከውጭ አገር ገዢዎች ፋብሪካውን ሊጎበኙ መጡ። በዋዜማው ወለሉ ታጠበ፤ አዲስ የፀጉር መሸፈኛ ታደለን። ጠዋት ሱፐርቫይዘሯ ወደ እኔ መጣች። ቁጣ አልነበረባትም፤ ልመና ነበር።

«ለዛሬ ብቻ» አለችኝ። «ለሁለት ሰዓት። ፍላቱን አድርጊው። እንግዶች እኮ ናቸው።»

«አይሆንም።»

«እንደዚያ ከሆነ ከኋላ ቁሚ። ካርቶኖቹ ጋ።»

«ቦታዬ እዚህ ነው።»

ትከሻዋን ነቅንቃ ሄደች። እንግዶቹ ገቡ፤ ወንድም ሴትም፣ ነጭ ካፖርት ደርበው። በመስመራችን ጎን ቀስ እያሉ አለፉ። አንደኛዋ ከፊቴ ቆመች። እኔ በዚያች ሰዓት ክዳኑ ያልጠበቀ ጠርሙስ አይቼ ከመሃል መንጭቄ ወደ ሳጥኑ ወረወርኩት። ሴትዮዋ ጠርሙሱን አንስታ ክዳኑን ሞከረችው፤ በእጇ ተከፈተላት። ዞር ብላ አብሯቸው ለሚዞረው የሰው ሀብት ኃላፊ አንድ ነገር ነገረችው፤ እሱም እየደጋገመ ራሱን ነቀነቀ።

ማንም ወደ እግሬ አላየም። ሁለት ሰዓት ሙሉ አንድም ሰው ወደ ታች አላየም። እንግዶቹ ሲወጡ ቀበቶው ፍጥነት ጨመረ፤ እኔም ክብደቴን በሁለቱም እግሬ ላይ እኩል አድርጌ ሥራዬን ቀጠልኩ።